የጋሽ ትናንት ዋዜማ

በየሰፈሩ አንድ እምቢ ባይ አይጠፋም። ሰፈርተኛው ተስማምቶ በሩን አረንጓዴ ሲቀባ የእሱ በር ግራጫ እንደሆነ ይቀራል። መንገድ ይስፋ ተብሎ አጥር ሁሉ ወደ ኋላ ሲጠጋ የእሱ አጥር ካለበት ንቅንቅ አይልም፤ መንገዱ ራሱ ዞሮት ይሄዳል። ለምን ሲባል ምክንያት አያጣም፤ ምክንያቱም ሁልጊዜ አንድ ነው፦ «ማን ጠየቀኝ?» እንዲህ ያለ ሰው የሌለበት ሰፈር አለ የሚል ካለ፣ ወይ ሰፈሩ ገና አልተሠራም፣ ወይ ሰውየው ለጊዜው ጉንፋን ይዞት ተኝቷል።

የአንዲት ልብስ ሰፊ ዕጣ ግን ከሌላውም የባሰ ነው። አንደኛ ነገር፣ እምቢ ባዩ የደረሳት ከመንገድ ማዶ ሳይሆን ግድግዳ ለግድግዳ ነው። ሁለተኛ፣ የሌላው ሰፈር እምቢ ባይ ቀለም ወይም አጥር እምቢ ይላል። የእሷ ጎረቤት እምቢ ያሉት ቀንን ነው።

በዚያ አገር ቀን ዝም ብሎ አይመሽም፣ ዝም ብሎም አይነጋም። እያንዳንዱ ቤት በሩ መቃን ላይ አንድ የእንጨት መዘውር አለው። ባለቤቱ ማታ ማታ መዘውሩን አንድ ጥርስ ያዞረዋል፤ ቤቱም ከነግቢው ወደሚቀጥለው ቀን ይገባል። ወሮቹ ስማቸውን ያገኙት ከአየሩ ነው፤ ጤዛ፣ ነፋስ፣ ጭቃ፣ ጭጋግ፣ አቧራ እያሉ ይሄዳሉ። ይህን ሁሉ የሚቆጣጠር ዘመን ቤት የሚባል መሥሪያ ቤት አለ። ከዓመታት በፊት የዘመን ቤት ሊቃውንት ቢያሰሉ ቢያሰሉ ወሮቹ ከአየሩ አንድ ቀን ወደ ኋላ ቀርተው አገኟቸው። ጭቃ የሚባለው ወር ሳይገባ ሰዉ ጭቃ ውስጥ ገብቶ ነበር። ስለዚህ አዋጅ ወጣ፤ ነፋስ ስምንት ማታ ሁሉም ሰው መዘውሩን ሁለት ጥርስ ያዙር ተባለ። አገሩ ሁሉ አዞረ። ነፋስ ስምንት ተኝቶ ነፋስ አሥር ነቃ። የልብስ ሰፊዋ ጎረቤት፣ ጫማ ሰፊው፣ አንዷን ብቻ አዞሩና ተኙ።

ከዚያች ማታ ጀምሮ ቤታቸው ከአገሩ አንድ ቀን እንደዘገየ ነው። እሳቸውም ጋሽ ትናንት ሆነው ቀሩ። ነገር ሲጠናባቸውና አፋቸው ሲበዛ ደግሞ ሰፈርተኛው «ክቡር የትናንት አስተዳዳሪ» ይላቸዋል፤ ከጀርባቸው ነው ታዲያ።

«ነፋስ ዘጠኝን የት አደረሳችሁት?» ይላሉ ያገኙትን ሁሉ። «እኔ ባላስቀረው ኖሮ የእኔንም ትወስዱብኝ ነበር። አንድ ነገር ላደርግበት አስቤ ነበር።»

«ምን ሊያደርጉበት ጋሼ?»

«እሱ የራሴ ጉዳይ ነው። ያን ጊዜ ማን ጠየቀኝ?»

የቤቱ ሕግ አንድ ጊዜ ከነገሩት ለማንም ይገባል። የጋሽ ትናንትን በር ያለፈ ሰው ትናንት ውስጥ ገባ ማለት ነው። ዛሬ የደረሰበት ነገር ሁሉ እዚያ ገና አልደረሰም። ትዝታው ብቻ አብሮት ይገባል። የቀረው ደጃፉ ላይ ቆሞ ይጠብቀውና ሲወጣ ይቀበለዋል።

ጋሪ ነጂው አንድ ጠዋት ጥርሱን አሞት ጉንጩን ይዞ ሲያልፍ ጫማውን ሊያሰፋ ገባ። በሩን እንዳለፈ ሕመሙ ጠፋ። ቀኑን ሙሉ እዚያው ቁጭ ብሎ የራሱን ጫማ፣ የሚስቱን ጫማ፣ በመጨረሻም የማያውቀውን ሰው ጫማ ሲያሰፋ ዋለ። ማታ በሩን ሲወጣ የቀኑ ሕመም ሁሉ ተጠራቅሞ ጠበቀው፤ ጩኸቱ እስከ ወንዙ ተሰማ። ዳቦ ጋጋሪዎቹ ባልና ሚስትም ቤቱን ለሌላ ጥቅም ያውሉታል። በጠዋት ሲጣሉ ተያይዘው ጋሽ ትናንት ቤት ይገባሉ። ለምን እንደተጣሉ ያስታውሳሉ፤ ንዴቱ ግን ገና አልመጣም። እዚያ ተቀምጠው እየሳቁ ታርቀው ይወጣሉ። ትኩስ ዳቦ ግን ይዘው አይገቡም፤ አንድ ቀን ለጋሽ ትናንት ከምድጃ የወጣ ዳቦ ቢያመጡላቸው ደፉን ሲያልፍ እጃቸው ላይ ዱቄት ሆኖ ተበተነ።

«የሰጣችሁኝን አየሁት» አሉ ጋሽ ትናንት ዱቄቱን ከጫማቸው ላይ እያራገፉ። «እግዜር ይስጥልኝ።»

ዘመን ቤትም ዝም አላላቸውም። አንድ ሹም የቅጣት ወረቀት አጽፎ፣ ማኅተም አስመትቶ መጣ። ጋሽ ትናንት ወረቀቱን ተቀብለው ፊትና ኋላውን አገላበጡት።

«ባዶ ነው።»

ሹሙ አየው። እውነትም ባዶ ነው፤ ጽሑፉ የተጻፈው ዛሬ ጠዋት ነዋ። ይዞት ወጣ፣ ጽሑፉ ተመለሰ። ይዞት ገባ፣ ጠፋ። እዚያው ቁጭ ብሎ እንዳይጽፍ ማኅተሙ ከመሥሪያ ቤቱ አይወጣም። «እንግዲያው ነገ ጽሑፉ ራሱ ይመጣልዎታል» ብሎ ወረቀቱን ትቶላቸው ሄደ። ጽሑፉ እንደተባለው በማግስቱ መጣ፤ ግን ያን ጊዜ ወረቀቱ በእግር ልክ ተቆርጦ የጋሪ ነጂው ጫማ ውስጥ ነበር። ሹሙ ከዚያ ወዲህ በዚያ መንገድ ሲያልፍ እንዳላየ ሆኖ ነው።

ጋሽ ትናንትን ወሬ መንገር ደግሞ ሌላ ፈተና ነው። ድልድዩ ተዘጋ ቢሏቸው፣ የዘይት መጋዘኑ ተቃጠለ ቢሏቸው፣ መልሳቸው አንድ ነው፦ «እኛ ቤት ገና ነው።» ጫማ መቼ ይደርሳል ሲሏቸው ሁሌም «ነገ» ነው። አንዱ ብልጥ ነኝ ባይ ወጥቶ መንገዱ ላይ ቆመና «ይኸው ጋሼ፣ እዚህ ነገ ሆኗል፤ ጫማዬን» አላቸው። «እንግዲያው ከዚያው ካለህበት ውሰድ» ብለውት መዶሻቸውን አነሡ።

ልብስ ሰፊዋ ይህን ሁሉ ጉድ ግድግዳ ተጠግታ ነው የኖረችው። ፀሐይ አናት በምትበሳበት ቀን የጋሽ ትናንት ግቢ ይዘንባል፤ ዝናቡ በግድግዳው ላይ ዘሎ የሰጣችውን ጨርቅ ያርስባታል። በተራዋ ዝናብ ሲጥል ሴቶቹ ሁሉ ሳፋቸውን ተሸክመው፣ ጭቃ እየረገጡ በእሷ ደጅ አልፈው ወደ ጋሽ ትናንት ፀሐይ ይሮጣሉ። ዛሬ የታጠበ ልብስ እዚያ ሲገባ መልሶ ስለሚቆሽሽ አጠባውም እዚያው ነው፤ ጫጫታው ለእሷ ይተርፋታል። ይህ አልበቃ ብሎ አዛውንቱ በየጠዋቱ በርጩማ ላይ ቆመው በግድግዳው ላይ አንገታቸውን ብቅ ያደርጉና ወሬ ይጀምራሉ። ወሬያቸው ሁሉ እሷ ትናንት የጨረሰችው ነው።

«እኚህ ሰውዬ አንድ ቀን ያሳብዱኛል» ትላለች ለታናሽ እህቷ።

«እሳቸው ጋ እኮ ገና አላሳበዱሽም» ትላታለች እህቷ።

ታናሽ እህቷን ያሳደገቻት እሷ ነች። ወላጆቻቸው ቶሎ ስላለፉ እንደ እህትም እንደ እናትም ሆና፣ በመርፌዋ አስተምራ ለወግ ለማዕረግ አደረሰቻት። አሁን እህቷ ልታገባ ነው። ሙሽራው አናጺ ነው፤ ዝምተኛ፣ እጁ የተባረከ፣ ጸጉሩና ጺሙ ግን ከቁጥጥር ውጪ የሆነ። ሰርጉ ጭቃ አራት ተባለ። ልብስ ሰፊዋ የሰው ልብስ ሰፍታ ስትጨርስ፣ ማታ ማታ ነጭ ሐር ጉልበቷ ላይ ዘርግታ የእህቷን ቀሚስ ሰፋች። የሰው ሙሽራ ሁሉ እሷ በሰፋችው ቀሚስ ሲዳር ኖሯል። ይህ ግን የራሷ ነው። እጅጌውን ፈትታ ደግማ ሰፋችው፤ ደግማ ፈታችው። ሐሩ ካለቀ ሌላ የለም፤ ነጋዴው ከሩቅ ነው ያመጣው።

ጭቃ አራት ጠዋት እህቷ በማለዳ ጸጉሯን ልትሠራ ሄደች። ቀሚሱ አልቋል፤ የመጨረሻ ካውያ ብቻ ነው የቀረው። ልብስ ሰፊዋ ካውያውን አግላ፣ ቀሚሱን ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ፣ ትንፋሿን ይዛ መተኮስ ጀመረች። መስኮቱ ክፍት ነው። ሰማዩ ጥርት ብሏል። በግድግዳው ላይ አንድ ጃንጥላ ብቅ አለ፤ ከጃንጥላው ሥር ጋሽ ትናንት።

«እንደምን አደርሽ።»

«እንደምን አደሩ ጋሼ።»

«የነገው ሰርግ ስንት ሰዓት ነው?»

ልብስ ሰፊዋ ዓይኗን ከቀሚሱ ሳታነሣ «ሰርጉ ዛሬ ነው ጋሼ» አለች።

«ጭቃ አራት ነው ያላችሁኝ።»

«ዛሬ እኮ ነው ጭቃ አራት።»

«እኛ ቤት ገና ነው» አሉ ጃንጥላቸውን ወደ ሌላ እጃቸው አዛውረው። «እኛ ቤት ጭቃ ሦስት ነው፤ እየዘነበ ነው። ሰርጉ ነገ ነው። እኔ የጠየቅኩሽ ሰዓቱን ነው።»

ዓመታት የታፈነ ነገር አለ፤ መውጫ ቀዳዳ ሲያገኝ ጊዜ አይመርጥም። ልብስ ሰፊዋ ቀና ብላ ወደ መስኮቱ ዞረች። ለአንድ ቀን እንኳ እንደ ሰው ቢሆኑ ምን አለበት አለች። አገር የተቀበለውን አልቀበልም ማለት ምን የሚሉት ኩራት ነው አለች። ዝናብዎን፣ ጫጫታዎን፣ ያደረ ወሬዎን ቻልኩ፤ እህቴን የምድርበትን ቀን ግን አይከራከሩኝም አለች። ጋሽ ትናንት ሁሉንም በትዕግሥት አዳመጡ። ከዚያ አፍንጫቸውን ወደ መስኮቱ ዘረጉ።

«የሚቃጠል ነገር አለ» አሉ።

ካውያውን ስታነሣው ቀሚሱ ፊት ለፊት፣ ከጉልበት ከፍ ብሎ፣ የካውያው ቅርጽ እንዳለ ቡናማ ሆኖ ታትሟል። ጫፉ ላይ ሐሩ ተሸብሽቦ ተበስቷል። ልብስ ሰፊዋ ለረጅም ጊዜ ቆማ አየችው። ቀጥላ ቀሚሱን ጠቅልላ በክንዷ ያዘች፣ ከቤቷ ወጣች፣ ጎረቤቷ በር ሄደች፣ ሳታንኳኳ ገፍታ ገባች። ያሰበችው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ቀሚሱን ፊታቸው ላይ ዘርግታ ያደረጉትን ልታሳያቸው።

«ይኸው፣ ይዩት» አለች ቀሚሱን ከትከሻው ይዛ ከፍ አድርጋ።

ጋሽ ትናንት ከበርጩማው ወርደው ተጠጉና መነጽራቸውን አደረጉ።

«ያምራል» አሉ። «አንገቱ ላይ ጥሩ ሠርተሻል።»

ልብስ ሰፊዋ ጎንበስ ብላ አየች። ቀሚሱ ነጭ ነው። ጠባሳ የለ፣ ቀዳዳ የለ፤ ትናንት ማታ መርፌዋን ስትነቅል እንደነበረው ነው። ወደ ኋላ ሄዳ ደፉን ወጣች፤ ተቃጠለ። ገባች፤ ነጣ። ወጣች። ገባች።

«በሩን አታድክሚው» አሉ ጋሽ ትናንት።

እሷ ግን እያሰበች ነበር። ቀሚሱ ለማግባት አንድ ቦታ ብቻ ነው የሚያገለግለው፤ እሱም ይህ ጭቃው የተቦካ ግቢ ነው። ዝናቡ እያባራ ነው፤ ትናንትም ረፋድ ላይ እንዳባራ ታስታውሳለች። ግቢው ጠባብ ነው፣ ግን ሰው ተጠጋግቶ ይቆማል።

«ጋሼ፣ ሰርጉ እዚህ ይሁን» አለች።

«ነገ በደስታ።»

«ዛሬ።»

«ዛሬ ዋዜማ ነው» አሉ። «በዋዜማ ሰርግ ደግሼ ሰው ምን ይለኛል?»

ለመነቻቸው። እህቷ ሌላ የሰርግ ልብስ እንደሌላት ነገረቻቸው። ሐሩ እንዳለቀ፣ ሰዉ እንደተጠራ፣ ይህ ሁሉ ዓመት ለዚህ ቀን እንደሰፋች ነገረቻቸው። ጋሽ ትናንት መሬት መሬት እያዩ ጭንቅላታቸውን ብቻ ነቀነቁ። ደንብ ደንብ ነው፤ ሰርግ በዋዜማው አይሆንም። ልብስ ሰፊዋ ቀሚሱን እንዳቀፈች የጫማ ቆዳ የተቆለለበት ሣጥን ላይ ተቀመጠች።

«ጋሼ» አለች በመጨረሻ፣ ድምፅዋ ዝቅ ብሎ። «ዘመን ቤት አልጠየቀዎትም። እኛም አልጠየቅንዎትም፤ ስቀንብዎት ነው የኖርነው። አሁን እኔ እየጠየቅኩዎት ነው። ግቢዎን ይፈቅዱልኛል ወይ?»

አዛውንቱ መነጽራቸውን አወለቁ። በሸሚዛቸው ጫፍ ወለወሉት፤ ጠርቶም ወለወሉት።

«ሰርግ አይሆንም» አሉ ጉሮሯቸውን ጠርገው። «ልምምድ ግን ይሆናል። በዋዜማ መለማመድ ደንብ ነው።»

«ልምምድ ይሁን።»

«ነገ ደግሞ ዋናው።»

«እሺ ጋሼ» አለች፤ እሺ የምትለውን ግን ልብ ብላ አልሰማችውም። ቀድማ ተነሥታ ወደ በሩ እየሮጠች ነበር።

ያን ቀን የሆነውን ሰፈሩ እስካሁን እያወራ ይስቃል። ሙሽሪት ጸጉሯን ተሠርታ፣ አበባ ሰክታ፣ አንገቷን ቀጥ አድርጋ መጣች፤ ደፉን ስታልፍ የተሠራው ጸጉር ተፈትቶ ትከሻዋ ላይ ፈሰሰ፣ አበባውም የት እንደገባ ጠፋ። ሙሽራው በጠዋት ተላጭቶ፣ ተከርክሞ፣ እናቱ እንኳ ስታየው ደንግጣ ነበር። በሩን ሲያልፍ ጺሙ ተመልሶ ደረቱ ላይ ወረደ። ሁለቱ ተያዩ።

«ይሻላል፤ የማውቅህ እንዲህ ነው» አለችው ሙሽሪት።

ልብስ ሰፊዋ በአፏ የጸጉር ማስያዣ ነክሳ፣ የእህቷን ጸጉር በጣቶቿ ጠቅልላ አሰረችው። የቆዳ መቁረጫ መቀስ አንሥታም የአናጺውን ጺም ልታስተካክል ሞከረች፤ ከአንድ ወገን ስታሳጥረው ሌላው ረዘመባት፤ ተወችው።

ምግቡ ሌላ ጣጣ ነበር። የተጠበሰው ሥጋ ደፉ ላይ ጥሬ ሆነ፣ ሩዙ መልሶ ደረቀ፣ የዳቦ ጋጋሪዎቹ ዳቦ እንደ ልማዱ ተበተነ። ስለዚህ ገበታው መንገዱ ላይ ተዘረጋ፤ ሰዉ ወጥቶ ይበላል፣ ገብቶ ይጨፍራል። የጠገበ ሰው ሲገባ ግን ምሳውን ገና አልበላም፤ ሆዱ ባዶ ነው። ጋሪ ነጂው በጨፈረ ቁጥር እየራበው፣ እየወጣ ሲበላ፣ እየገባ ሲራብ ዋለ። ማታ ለመጨረሻ ጊዜ ሲወጣ የበላው ሁሉ ደርሶበት፣ በራሱ ጋሪ ተጭኖ ሄደ።

የጋብቻ መዝጋቢው ደግሞ አሻፈረኝ አለ። «መዝገቤ የሚያውቀው ዛሬን ነው፤ ትናንት ውስጥ ገብቼ አላጋባም» ብሎ መዝገቡን አቅፎ መንገድ ላይ ቆመ። ሙሽሪት ከወጣች ቀሚሱ ይቃጠላል። ሲመካከሩ ቆይተው ሙሽሮቹን ደፉ ላይ አቆሟቸው፤ እግራቸው ትናንት ውስጥ እንዳለ እጃቸውን ወደ ዛሬ ዘረጉና ፈረሙ። የቀሚሱ እጅጌ አልተቃጠለምና ከውጪ ያየ ምንም አላወቀም። መዝጋቢው መዝገቡን ዘጋ። ሰዉ አጨበጨበ።

ጋሽ ትናንት ግን ከማንም ጋር አላጨበጨቡም። እጃቸውን ወደ ኋላ አጣምረው በሰዉ መካከል እየዞሩ ያርማሉ። ለዘፋኞቹ «ለልምምድ ይበቃል፤ ነገ ድምፃችሁን ከፍ አድርጉ» ይላሉ። ለሙሽራው «ነገ ጀርባህን ቀና» ይላሉ። ሰዉ ይስቃል፤ እሺ ጋሼ ይላቸዋል። ልብስ ሰፊዋ ከደፉ ውጪና ውስጥ ሳህን ስታመላልስ፣ ጸጉር ስታስር፣ የሚዜውን የተተረተረ ሱሪ ስትጠቅም አንድ ጊዜ እንኳ ሳትቀመጥ መሸ። ሙሽሪት ቀሚሱን እዚያው አውልቃ ግድግዳ ላይ ሰቀለችው፤ ሌላ ልብስ ለብሳ ከባሏ ጋር ሄደች። ሰዉ ተበተነ።

በማግስቱ ልብስ ሰፊዋ ረፋድ ላይ ነቃች። ወገቧ እንደ ጣውላ ደርቋል። ቀሚሱን ላምጣ ብላ ፀጉሯን በሻሽ ጠቅልላ ወጣችና የጎረቤቷን በር ገፋች።

ግቢው ተጠርጓል። ጭቃው ላይ ደረቅ ፍልጥና ሣር ተነጥፎበታል። የቤቱ ወንበር፣ በርጩማ፣ የቆዳ ሣጥን፣ የተገለበጠ ባልዲ ሳይቀር በረድፍ በረድፍ ተደርድሯል። ፊት ለፊት ለሁለት ሰው የሚሆን አግዳሚ ወንበር አለ፤ ነጭ አንሶላ ተጥሎበታል። ጋሽ ትናንት ተላጭተው፣ ቁምሣጥን ቁምሣጥን የሚሸት ጥቁር ኮት ለብሰው፣ ጫማቸው ፊት እስኪያሳይ ተወልውሎ፣ ከኋላ ረድፍ ጫፍ ላይ ተቀምጠው በሩን ያያሉ።

«እንደምን አደርሽ» አሉ ብድግ ብለው። «ቀድመሽ መምጣትሽ ደግ ነው። ሙሽሮቹስ?»

ልብስ ሰፊዋ ሰርጉ ትናንት አለፈ እኮ ጋሼ ልትል አፏን ከፈተች። ወንበሮቹን አየች። የተገለበጠው ባልዲ ላይ ሳይቀር፣ የሚቀመጠው ሰው ልብሱ እንዳይቆሽሽ ንጹሕ ጨርቅ ተነጥፎበታል። አፏን መልሳ ዘጋች።

«እየለበሱ ነው» አለች።

ከዚያ ወጥታ ሮጠች። ሻሿ እየተፈታ፣ ነጠላ ጫማዋ እየወለቀ፣ አናጺው ቤት ደርሳ በሩን ደበደበች። እህቷ ዓይኗን እያሸች ከፈተች።

«ተነሡ፣ ሰርግ አላችሁ።»

«አግብተን የለ እንዴ?» አለ አናጺው ከውስጥ።

«ዛሬ ደግሞ ታገባላችሁ።»

እህቷ ትክ ብላ አየቻት። «እትዬ፣ ጋሽ ትናንትን ነው እንዲህ የምትሮጪላቸው? ትናንት ጠዋት በጃንጥላቸው ላንቃቸው ነበር ስትይ አልነበር?»

«ጫማሽን አድርጊ» አለች ልብስ ሰፊዋ። ዓይኗን ግን ከእህቷ ዓይን አሸሸች።

ከዚያ ዳቦ ጋጋሪዎቹን፣ ጋሪ ነጂውን፣ ዘፋኞቹን እየዞረች ቀሰቀሰች። አንዱም ለምን አላለም። የተራረፈውን ዳቦ፣ የቀዘቀዘውን ሥጋና ሩዝ በየትሪው ይዘው፣ እግራቸውን እየጎተቱ መጡ። ጋሽ ትናንት በር ላይ ቆመው እንግዳ ይቀበላሉ። ዳቦ ጋጋሪው ያደረ ዳቦውን ይዞ ፈራ ተባ እያለ ደፉን አለፈ፤ ዳቦው እጁ ላይ ሞቀ፣ እንፋሎት አወጣ። ሰውየው ፍዝዝ ብሎ ቀረ፤ አንድ ዳቦ ሁለት ጊዜ ከምድጃ ሲወጣ አይቶ አያውቅም። ሥጋው መልሶ ጢስ ጢስ አለ። ሙሽሪት ተንጨባሮ ያደረ ጸጉሯን ይዛ ገባች፤ ደፉን ስታልፍ የትናንት ጠዋቱ ጸጉር ተሠርቶ፣ አበባው ተሰክቶ ተመለሰላት። ከኋላዋ የገባው አናጺ ጺሙ ድራሹ ጠፋና እንደ ተላጠ እንቁላል አበራ። ሰዉ በሳቅ ፈረሰ። ድካሙ ግን በሩ ላይ አልቀረላቸውም፤ ጭፈራው እዚያው ግቢ ውስጥ የተጨፈረ ነውና።

ቀሚሱ ግን በዚያ ጠዋት፣ በሰዓቱ፣ ግድግዳው ላይ እንደተሰቀለ ተቃጥሎ ነበር። ልብስ ሰፊዋ ከእህቷ ጋር ጓዳ ገብታ ቆማ አየችው፤ ያ ቡናማ ጠባሳ፣ ያ ቀዳዳ። ትናንት ከሰው ዓይን ስትደብቀው የዋለችው ነገር ነው።

«ሌላ ልብስ ልስጥሽ» አለች።

«ስጪኝ እሱኑ» አለች እህቷ፤ አጥልቃው ወጣች። ጠባሳውን በእጇ እንኳ አልሸፈነችም። ሰዉ ሁሉ አየው። ያየው ሁሉ ደግሞ ዞሮ ጸጉሯን፣ ሙሽራውን፣ ዳቦውን ያይ ጀመር። ልብስ ሰፊዋ አንድ የሚያማት ነገር ስትጠብቅ ቆየችና ሳይመጣ ሲቀር፣ ባዶ ወንበር ፈልጋ ተቀመጠች። ትናንት ቀኑን ሙሉ ያላየችውን እህቷን አሁን አየቻት። ስትስቅ፣ ስትሽከረከር፣ የተቃጠለው ቀሚስ ከእግሯ ጋር ሲዞር፣ ልብስ ሰፊዋ ዓይኗ እንባ ሞላ፤ ጨርቅ ፈለገች፣ አጣች፣ በእጅጌዋ ጠረገችው።

ጋሽ ትናንት ዛሬ አላረሙም። መጀመሪያ ያጨበጨቡት እሳቸው ናቸው። ዘፋኞቹ ሲዘፍኑ አብረው ዘፈኑ፤ ግጥሙን ከትናንቱ ይዘውት ኖሯል። ሙሽሮቹን አቅፈው ሳሙ። እንዲያውም አንድ ጊዜ፣ ሰው አያየኝም ብለው፣ በአንድ እግራቸው ዘለል አሉ።

ፀሐይዋ ስታዘቀዝቅ ሰዉ ወጣ። ልብስ ሰፊዋ ወንበር ለመሰብሰብ ቀረች፤ ግን አልሰበሰበችም። ጋሽ ትናንት ኮታቸውን አውልቀው አጠገቧ፣ ባልዲው ላይ ተቀመጡ።

«እንዴት ነበር ጋሼ? የጎደለ ነገር አለ?» አለቻቸው።

ጋሽ ትናንት አሰቡ። እሳቸው ሳያስቡ የሚመልሱ ሰው አይደሉም።

«ምግቡ ጥሩ ነው። ሙሽራው ጥሩ ልጅ ነው። አንድ ነገር ብቻ አልገባኝም» አሉ። «ሰዉ ሁሉ ደክሞት ነው የመጣው። ጉልበት የለውም፣ ድምፁ ሰልሏል። ልክ ሲጨፍር ያደረ ነው የሚመስለው።»

ልብስ ሰፊዋ ሳቋን ለመዋጥ ከንፈሯን ነከሰች።

«ልምምዱ በዝቶበት ነው ጋሼ» አለች።

«ይኸው፣ ለዚህ ነው ልምምድ የማልወደው» አሉ ጋሽ ትናንት።

እሷም ልክ ነዎት አለቻቸው። ጫማዋን አውልቃ እግሯን በተነጠፈው ሣር ላይ ዘረጋች፤ እስኪጨልም ድረስም ወደ ቤቷ አልሄደችም።